አሥራ አራት ማሊያ የለበሰው ተጠባባቂ

ጃንዋሪ 29 ቀን 2023፣ ፊላደልፊያ። የአሜሪካ ፉትቦል ክለብ የሆነው ሳን ፍራንሲስኮ ፎርቲናይነርስ ሱፐር ቦውል፣ የዓመቱ የዋንጫ ጨዋታ፣ ለመግባት አንድ ጨዋታ ብቻ ቀርቶታል። ጨዋታው ገና ሳይሟሟቅ የቡድኑ ኳርተርባክ፣ ማለትም ኳስ እየወረወረ ማጥቃቱን የሚመራው ተጫዋች፣ ብሮክ ፐርዲ ኳስ ሊወረውር እጁን ሲያነሣ የፊላደልፊያው ሃሰን ሬዲክ ደረሰበት። ክርኑ ተጎዳ። በእሱ ፋንታ የ36 ዓመት ሰው ሄልሜቱን አጥልቆ ገባ። ጆሽ ጆንሰን ይባላል።

ጆንሰን በዚያ ዓመት ለክለቡ አራተኛ ኳርተርባክ ነበር። አንደኛው ትሬይ ላንስ ሴፕቴምበር ላይ ቁርጭምጭሚቱ ተሰበረ። ሁለተኛው ጂሚ ጋሮፖሎ ዲሴምበር መጀመሪያ ላይ እግሩን ተጎድቶ ወጣ። ሦስተኛው ፐርዲ ነው፤ በ2022 ድራፍት፣ ክለቦች አዳዲስ ተጫዋቾችን በተራ በሚመርጡበት፣ ከተመረጡት 262 ተጫዋቾች የመጨረሻው። ጆንሰንን ያመጡት ጋሮፖሎ በተጎዳ ሰሞን ከዴንቨር ክለብ የልምምድ ቡድን፣ ከዋናው ዝርዝር ውጭ ሆነው ከሚለማመዱት መካከል፣ አንሥተው ነው። ክለቡ ውስጥ ሁለት ወር እንኳ አልሞላውም።

ቀኑ አልቀናውም። ከወረወራቸው 13 ኳሶች ሰባቱ ደረሱ። የመጀመሪያው አጋማሽ ሊያልቅ ሲል ከመሃል የተሰጠው ኳስ ከእጁ አመለጠ፤ ፊላደልፊያዎች አነሡትና ጥቂት ቆይተው ነጥብ አስቆጠሩበት። በሦስተኛው ሩብ ደግሞ ንዳሙኮንግ ሱ ሲጥለው ጭንቅላቱ መሬት መታው። ሐኪሞች አስወጡት። ክርኑ የተጎዳው ፐርዲ ተመልሶ ገባ፤ ኳስ መወርወር ግን አይችልም። በፉትቦል ኳርተርባኩ መወርወር ካልቻለ ተከላካዩ የሚመጣውን ያውቀዋል። 31 ለ 7 አለቀ።

አራት ወር ሳይሞላ የአሜሪካ ፉትቦል ሊግ የሆነው የኤንኤፍኤል የክለብ ባለቤቶች ተሰብስበው ሕግ ለወጡ።

ጆሽ ጆንሰንን ብዙ ሰው አያውቀውም። ፉትቦል የሚከታተሉትም ስሙን ሲሰሙ «አሁንም አለ እንዴ?» ነው የሚሉት። አለ። በ2008 ድራፍት የተመረጠው ሰው በ2025 ገና ኮንትራት ይፈርም ነበር። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።) በእነዚህ ዓመታት ስሙ በ14 ክለቦች መዝገብ ላይ ሰፍሯል። ሊጉ ያሉት ክለቦች 32 ናቸው። ከእሱ በላይ ክለብ ያዳረሰ ተጫዋች በሊጉ ታሪክ የለም።

ይህን ሲሰሙ የሚስቁ አሉ። አሥራ አራት ቦታ የተባረረ ሰው፣ ብለው። እንደኔ ግን ነገሩን ገልብጦ ማየት ይሻላል። አሥራ አራት ቦታ ለመባረር አሥራ አራት ቦታ መቀጠር ያስፈልጋል። አንዳንዶቹ ሁለቴ ሦስቴ ጠርተውታል፤ ሳን ፍራንሲስኮ እንዲያውም አራት ጊዜ። ምኑን ፈልገው ነው? ክንዱን ቢሆን ኖሮ ባሰለፉት ነበር። የሚገዙት ሌላ ነገር ነው፤ የዚያን ነገር ዋጋ ደግሞ የሚወስነው የሊጉ ሕግ ነው። የጆንሰን ታሪክ ለእኔ ደስ የሚለኝ በዚህ በኩል ሲታይ ነው።

ከኦክላንድ ወደ ታምፓ

የተወለደው በ1986 ኦክላንድ ካሊፎርኒያ ውስጥ ነው። የተማረው ኦክላንድ ቴክኒካል ሃይስኩል፣ ብሮድዌይ ላይ። ከዚያ ብዙም ሳይርቅ ቴሌግራፍ አቬኑ አለ፤ የቤይ ኤሪያ ሐበሻ ያውቀዋል፣ ምግብ ቤቶቻችን የተደረደሩበት መንገድ ነው። ዝነኛው የፉትቦል ሯጭ ማርሾን ሊንች የአክስት ልጅ ዘመዱ ነው፤ አንድ ትምህርት ቤት ነው የወጡት። በኋላም አብረው ለኦክላንድ ልጆች የሚሠራ በጎ አድራጎት ድርጅት አቁመዋል።

ሊንችን ትልልቅ ዩኒቨርሲቲዎች ተሻሙበት። ጆንሰንን ማንም አልተሻማበትም። የገባው ዩኒቨርሲቲ ኦፍ ሳን ዲዬጎ ነው፤ ለፉትቦል ስኮላርሺፕ በማይሰጥ ትንሽ ሊግ የሚጫወት ትምህርት ቤት። አሰልጣኙ ጂም ሃርቦ ነበር፤ ራሱ ኳርተርባክ የነበረ፣ ያኔ ገና ስሙ ያልገነነ። ይህን ስም ያዙልኝ፣ እንመለስበታለን።

በ2007 የመጨረሻ ዓመቱ ጆንሰን 43 የታችዳውን ኳስ፣ እንደ ጎል ነጥብ የሚያስገኝ ማለት ነው፣ ወረወረ። በተጋጣሚ የተቀማው አንድ ብቻ ነው። አዎ፣ በዓመት አንድ። ተጋጣሚዎቹ ደካሞች ናቸው ቢባል እንኳ ይህ ቁጥር ዓይን ይስባል። ታምፓ ቤይ ቡካኒርስ በ2008 በአምስተኛው ዙር፣ በ160ኛ ተራ መረጠው። አሰልጣኙ ጆን ግሩደን ነበር። ይህንንም ስም ያዙልኝ።

ግሩደን በዓመቱ መጨረሻ ተባረረ። አዲሱ አሰልጣኝ ራሂም ሞሪስ በ2009 ሦስት ጨዋታ ከተሸነፈ በኋላ ጆንሰንን አስገባው። የመጀመሪያ ጨዋታው ኦክቶበር 4 ቀን በዋሽንግተን ሜዳ ነበር። 16 ለ 13 ተሸነፉ። ከዚያ ፊላደልፊያ፣ ካሮላይና፣ ለንደን ላይ ደግሞ ኒው ኢንግላንድ። አራቱንም ተሸነፈ። ክለቡ በአንደኛ ዙር የመረጠው ጆሽ ፍሪማን ተራውን እየጠበቀ ስለነበር ቦታውን ለቀቀ። በ2011 አንድ ጨዋታ ጀመረ፤ እሱንም ተሸነፈ። አምስት ጨዋታ፣ አምስት ሽንፈት። ኮንትራቱ አለቀ።

ብዙዎች እዚህ ላይ ያበቃሉ። ሻንጣቸውን ይዘው አገራቸው ይገባሉ፣ ወይ ሃይስኩል ያሠለጥናሉ።

ሁለተኛው ሳምንት

ከ2012 ጀምሮ ያለውን የጆንሰን የሥራ ታሪክ ማንበብ የአውቶቡስ ፌርማታ እንደመቁጠር ነው። ሳን ፍራንሲስኮ፣ ክሊቭላንድ፣ ሲንሲናቲ፣ እንደገና ሳን ፍራንሲስኮ። በ2015 ብቻ ጄትስ፣ ኮልትስና ቢልስ ፈርመውታል። በ2016 ባልቲሞርና ጃያንትስ። በ2017 ሂውስተን። በ2018 ሬይደርስ። በአብዛኞቹ አንድም መደበኛ ጨዋታ አልተጫወተም።

ይህ እንዴት ይሆናል? አንድ ክለብ ውድድሩ ከመጀመሩ በፊት ባለው ልምምድ 90 ተጫዋች ይይዛል። ኦገስት መጨረሻ ላይ ወደ 53 ይቀንሳል። ዘጠና ሰው ሲያሠለጥን ለልምምድ አራት ኳርተርባክ ያስፈልገዋል። 53 ሲቀሩ ሁለት ይበቁታል፣ ቢበዛ ሦስት። ስለዚህ የጆንሰን ዓይነቱ ሰው ሐምሌን ሠርቶ ጳጉሜን ሥራ ፈት ይሆናል። ሥራው ከመነሻው ወቅታዊ ነው።

ሌላም ነገር አለ። አራት የውድድር ዓመት የሞላው ተጫዋች በመጀመሪያው ሳምንት ጨዋታ መዝገብ ላይ ካለ፣ በኋላ ቢባረርም የዚያን ዓመት ቀሪ ደመወዝ የመጠየቅ መብት አለው። መብቱ የሚሠራው በዕድሜው አንዴ ነው። ለተጫዋቹ ጥበቃ ተብሎ የወጣ ሕግ ነው፤ ጥሩ ሕግ ነው። ክለቦች ግን ዘዴውን ዐወቁበት። አንጋፋውን ተጠባባቂ በመጀመሪያው ሳምንት አይዙትም። «ስልክህን ክፍት አድርገህ ጠብቅ» ይሉትና በሁለተኛው ሳምንት ይጠሩታል። ያኔ በሳምንቱ እየከፈሉ፣ ሲፈልጉ ይሸኙታል። ማክሰኞ ማክሰኞ ክለቦች ሥራ የሌላቸውን ተጫዋቾች ጠርተው ይሞክራሉ። አውሮፕላን፣ ሆቴል፣ የሐኪም ምርመራ፣ ግማሽ ሰዓት ኳስ ውርወራ፣ ከዚያ «እንደውልልሃለን»። አዲስ አበባ ውስጥ ሥራ የፈለገ ሰው ይህችን ቃል ያውቃታል።

ጆንሰን በዚህ መሃል ሌላም በር አንኳኳ። ኤንኤፍኤል ካልሆነ ሌላ ሊግ ብሎ። በ2012 ዩኤፍኤል በሚባል ሊግ ለሳክራሜንቶ ቡድን ፈረመ፤ ሊጉ በዚያው ዓመት ኦክቶበር ላይ ውድድሩን አቋረጠ፣ ተመልሶም አልመጣም። በ2018 መጨረሻ ኤኤኤፍ የሚባል አዲስ ሊግ ኳርተርባኮች ሲከፋፈል የሳን ዲዬጎው ቡድን ጆንሰንን በመጀመሪያ ምርጫ ወሰደው። ያ ሊግ አንድ ዓመት እንኳ ሳይጨርስ ኤፕሪል 2019 ላይ ተዘጋ። በ2020 ኤክስኤፍኤል ውስጥ ለሎስ አንጀለስ ተጫወተ። ጎበዝ ነበር፤ በአራት ጨዋታ 11 ታችዳውን ወርውሮ የተቀማው ሁለት ብቻ ነው። ማርች ላይ ኮሮና መጣ፣ ሊጉ ቆመ፣ ከዚያም ኪሣራ አወጀ።

ሦስት ሊግ፣ ሦስቱም አልቆዩም። ሰውየው ገድ የለሽ ነው ብሎ መሳቅ ይቻላል። ቁም ነገሩ ግን ሌላ ነው። በአሜሪካ ለአንድ ኳርተርባክ ከኤንኤፍኤል ውጭ አስተማማኝ እንጀራ የለም። በእግር ኳስ ማንቸስተር ያልፈለገው ሰው ቱርክ ይሄዳል፣ ሳዑዲ ይሄዳል፣ ሁለተኛ ዲቪዚዮን ይወርዳል። በፉትቦል ይህ ሁሉ የለም። በየሳምንቱ ከሚሰለፉት 32 ሰዎች አንዱ ካልሆንክ ቆመህ ማየት ነው።

ዲሴምበር 2018

ዲሲና ሜሪላንድ ያሉ አንባቢዎች ይህን ያስታውሱ ይሆናል። እሑድ እሑድ ላንዶቨር ወዳለው ስታዲየም ደጋፊ ያደረሰ ሐበሻ ሹፌር ሁሉ የዚያን ዓመት ኡኡታ ከኋላ ወንበር ሰምቶታል። የዋሽንግተን ክለብ ጥሩ ጀምሮ ነበር። ኖቬምበር 18 ቀን የኳርተርባኩ አሌክስ ስሚዝ እግር ተሰበረ፤ ለሕይወቱ ያሰጋ ጉዳት ነበር። ተተኪው ኮልት ማኮይ በሁለት ሳምንቱ እግሩን ተሰበረ። ሦስተኛው ማርክ ሳንቼዝ ከጃያንትስ ጋር ግማሽ ጨዋታ ሲጫወት ነገሩ ከድጡ ወደ ማጡ ሆነ። አሰልጣኙ አስወጣውና ጆንሰንን አስገባው። ጆንሰን ክለቡን ከተቀላቀለ ሳምንት አልሞላውም። በመደበኛ ጨዋታ ኳስ ከወረወረ ከ2011 ወዲህ ሰባት ዓመት ሆኖታል።

አንድ ነገር ላሳያችሁ። ኳርተርባክ በየጨዋታው መሃል ቡድኑን ሰብስቦ ትእዛዝ ይናገራል። አሰልጣኙ በሄልሜቱ ውስጥ ባለች ራዲዮ ያቀብለዋል፤ ራዲዮዋ ኳሱን ለማስጀመር የተሰጠው ሰዓት 15 ሰከንድ ሲቀረው ትዘጋለች። ትእዛዙ አንድ ቃል አይደለም። ማን የት እንደሚቆም፣ ማን ቦታ እንደሚቀይር፣ ፊት ያሉት አምስቱ ማንን እንደሚከላከሉ፣ እያንዳንዱ ሯጭ የትኛውን መስመር እንደሚሮጥ፣ በስንተኛው ጥሪ ኳሱ እንደሚነሣ፤ ይህ ሁሉ በአንድ ትንፋሽ ነው። አንድ ቃል ካዛነፍክ ሁለት ሰው ይጋጫል። ሁሉም ክለብ ደግሞ የራሱ አጠራር አለው። አንዱ የሩጫ መስመሮችን በቁጥር ይጠራል፣ ሌላው በቃል፣ ሌላው ሦስቱን መስመር ጠቅልሎ አንድ ስም ይሰጣል። አንድን መስመር ታምፓ በአንድ ስም ብትጠራው ኢንዲያናፖሊስ በሌላ ትጠራዋለች።

ጆንሰን ዋሽንግተን ሲደርስ የሚያዛቸውን ሰዎች ስም እንኳ አያውቅም ነበር። ያደረገው ነገር በወቅቱ ጋዜጣ ላይ ወጥቶ ብዙ አስቋል። ማደን የተባለውን የቪዲዮ ጌም ከፍቶ በዋሽንግተን ቡድን መጫወት ጀመረ። የጓደኞቹን ስምና ቁጥር የያዘው ከዚያ ነው። እኔ እንደቀልድ አላየውም። የ32 ዓመት ሰው ሥራውን ለመያዝ ያለውን መሣሪያ ሁሉ ተጠቀመ፤ መሣሪያው ጌም ሆነ።

ዲሴምበር 16 ቀን ጃክሰንቪል ላይ ጀመረ። ቁጥሩ የሚያስደምም አይደለም፤ ከ25 ኳስ 16 ደረሱለት፣ 151 ያርድ፣ አንድ ታችዳውን። አንድም አልተቀማበትም። እግሩ ያለውም ሠርቷል፣ 49 ያርድ ሮጧል። በመጨረሻዋ ሰከንድ ደስቲን ሆፕኪንስ መትቶ አገባና 16 ለ 13 አሸነፉ። በ2009 ለመጀመሪያ ጊዜ የጀመረውን ጨዋታ በዋሽንግተን የተሸነፈው በዚሁ ውጤት ነበር። ከዘጠኝ ዓመት በኋላ የመጀመሪያ ድሉን በዋሽንግተን ማሊያ አገኘ። ቀጣዮቹን ሁለት ጨዋታዎች ተሸነፉና ዓመቱ አለቀ።

ስለዚያ ወር ሲወራ የሚዘለል ነገር አለ። ያን ጊዜ ኮሊን ካፐርኒክ ሥራ የለውም። ቡድኑን እስከ ሱፐር ቦውል ያደረሰ ኳርተርባክ ነው። በ2016 በብሔራዊ መዝሙር ጊዜ የተንበረከከው ፖሊስ በጥቁሮች ላይ የሚያደርሰውን በደል በመቃወም ነበር፤ ከዚያ ዓመት በኋላ ማንም ክለብ አልፈረመውም። በ2017 ክለቦቹ ተመሳጥረው ዘግተውኛል ብሎ አቤቱታ አስገብቶ ነበር፤ ፌብሩዋሪ 2019 ላይ በስምምነት ተዘጋ። የዋሽንግተኑ አሰልጣኝ ጄይ ግሩደን ስለ ካፐርኒክ ሲጠየቅ ስሙ መነሣቱን አልካደም። የሰጠው ምክንያት አዲስ ስልት ለማስተማር ጊዜ የለም የሚል ነበር።

ምክንያቱ ግማሹ እውነት ነው። ጆንሰን የጄይ ግሩደንን ስልት ከሲንሲናቲ ያውቀዋል፤ በ2013 ጄይ እዚያ የማጥቃት ጨዋታውን የሚመራ ረዳት አሰልጣኝ ነበር። በጥቂት ቀን ሊጫወት የቻለው ለዚያ ነው። ሌላው ግማሽ ግን ማንንም አያታልልም። ክለቦች ለተጠባባቂ ቦታ የሚፈልጉት ሰው ወሬ የማያስነሣ፣ ካሜራ የማይከተለው፣ ነገ ቢሸኝ ደጋፊ የማይጮኽለት ነው። ይህ የጆንሰን ጥፋት አይደለም። የገበያው ጠባይ ነው፤ ጆንሰንን ያኖረው ያው ጠባይ ካፐርኒክን ከውጭ አስቀርቶታል።

አሁን ያዙልኝ ወዳልኳቸው ስሞች። ጆን ግሩደን በ2008 ታምፓ መረጠው፤ በ2018 ሬይደርስን ሲይዝ ጠራው። ወንድሙ ጄይ ሲንሲናቲና ዋሽንግተን አብሮት ሠራ። ጂም ሃርቦ ሳን ዲዬጎ አሠለጠነው፤ ሳን ፍራንሲስኮን ሲመራ በ2012 እና በ2014 አመጣው። የጂም ወንድም ጆን ሃርቦ ደግሞ ባልቲሞርን ሲመራ በ2016፣ በ2021 እና በ2023 ወሰደው። ሁለት ጥንድ ወንድማማቾች። አሥራ አራት ክለብ ሲባል ዓለምን የዞረ ይመስላል፤ ቆጥረን ስናየው ከመንገዱ ትልቅ ክፍል በሁለት ቤተሰብ ግቢ ውስጥ ነው። ሰው በሰው የሚባለው ነገር እዚያም አለ። ልዩነቱ እዚያ ዘመድነቱ የተሠራው በሥራ ነው፤ ያሠለጠነህ ሰው ሲቸግረው የሚደውለው ስልትህን ለሚያውቅ ሰው ነው።

ወረርሽኙ ያስተማረው

ተጠባባቂ ኳርተርባክ ስኮርታ ጎማ ነው። ሁሉም ሹፌር ይይዛል፣ ማንም አያየውም። የፈነዳ ቀን ግን ነፋስ አለው ወይ የሚለው ያስጨንቃል።

በኖቬምበር 2020 ዴንቨር ያለ ስኮርታ መንገድ ላይ ቀረ። አንዱ ኳርተርባክ ኮሮና ተገኘበት፣ የቀሩት ያለ ማስክ አብረውት ስለነበሩ ሁሉም ታገዱ። ጨዋታው ግን አልተላለፈም። ክለቡ ኬንዳል ሂንተንን አስገባ። ሂንተን በልምምድ ቡድን ያለ ኳስ ተቀባይ ነው፤ ዩኒቨርሲቲ እያለ ኳርተርባክ ነበር። ከዘጠኝ ኳስ አንድ ብቻ ደረሰችለት፣ ሁለት ተቀማ። ኒው ኦርሊንስ 31 ለ 3 አሸነፈ። ሂንተን ያሠረውን፣ ትእዛዞቹ የተጻፉበትን የእጅ ማሰሪያ ካንተን ከተማ ያለው የፉትቦል ዝነኞች ሙዚየም ወስዶ አስቀምጦታል። ጀግንነቱን ሁሉም አደነቀ፤ የክለብ ኃላፊዎች ግን ሌላ ትምህርት ነው የወሰዱት።

በዚያው ዓመት አንድ ሕግ ተለውጧል። የልምምድ ቡድን ድሮ በዋናነት የጀማሪዎች ቦታ ነበር። በ2020 ቁጥሩ ወደ 16 ከፍ አለ፣ ስድስቱ የፈለገውን ያህል ዓመት የተጫወቱ አንጋፋዎች ሊሆኑ ተፈቀደ። ለጆንሰን ይህ ትልቅ ነገር ነው። ከዚያ በፊት ወይ ከ53ቱ አንዱ ነህ ወይ ቤትህ ነህ። አሁን መሃል ላይ አንድ ደረጃ ተሠራ። አንጋፋ ተጫዋች እዚያ ቁጭ ብሎ በሳምንት ወደ 20 ሺህ ዶላር እያገኘ ይሠለጥናል፣ ይማራል፣ ይጠብቃል። ሌላ ክለብ ከ53ቱ ውስጥ ላድርገው ካለ ደግሞ መጥቶ ይወስደዋል።

በ2021 ይህ እንዴት እንደሚሠራ ታየ። ጆንሰን ጄትስ የልምምድ ቡድን ውስጥ ነበር። ኖቬምበር 4፣ ሐሙስ ማታ ኢንዲያናፖሊስ ላይ ኳርተርባኩ ማይክ ኋይት ክንዱን ተጎዳ። ጆንሰን ገባ፤ 317 ያርድ፣ ሦስት ታችዳውን። ቡድኑ 45 ለ 30 ቢሸነፍም ሰውየው የ35 ዓመት ልጅ እግር ይመስል ነበር። ዲሴምበር ላይ ባልቲሞር መጥቶ ወሰደው። የክለቡ ዋና ኳርተርባክ ላማር ጃክሰን ቁርጭምጭሚቱን ታሟል፣ ተተኪው ታይለር ሀንትሊ ኮሮና ይዞታል። ጆንሰን ዲሴምበር 26 ሲንሲናቲ ላይ ጀምሮ 304 ያርድ ወረወረ። በሌላኛው ወገን ጆ በሮው 525 ያርድ ወርውሮ 41 ለ 21 ቀጣቸው። ያም ሆኖ ለአሥር ቀን እንግዳ ከዚህ በላይ ምን ይጠየቃል?

የሦስተኛው ሰው ሕግ

ፊላደልፊያ ላይ የሆነው ነገር አዲስ አልነበረም፤ ከተማውም እንኳ ያው ነው። በኖቬምበር 1990 ዋሽንግተን ፊላደልፊያ ላይ ሲጫወት ሁለቱም ኳርተርባኮቹ ተጎድተው ወጡ። ጨዋታውን የጨረሰው ብራያን ሚቸል ነበር፤ ኳስ ይዞ የሚሮጥ ጀማሪ ተጫዋች። በማግሥቱ ዓመት ሊጉ ሕግ አወጣ። ክለቦች ከጨዋታው ቀን ዝርዝር ውጭ አንድ ሦስተኛ ኳርተርባክ ለአደጋ ጊዜ እንዲያስቀምጡ ተፈቀደ። በ2011 ያንን ሕግ አነሡት፤ በምትኩ የጨዋታ ቀን ዝርዝሩን በአንድ ሰው ጨመሩ። ያን ቦታ ለሦስተኛ ኳርተርባክ ያዋለ ክለብ ግን ጥቂት ነው። አሰልጣኝ ሁሉ ያችን ቦታ ለተጨማሪ ተከላካይ ወይ ሯጭ ሰጣት። አሥራ ሁለት ዓመት እንዲህ ሄደ። ጃንዋሪ 2023 ላይ ሒሳቡ መጣ፣ የከፈለው ሳን ፍራንሲስኮ ሆነ።

ሜይ 2023 ላይ ሕጉ ተመለሰ። ሦስተኛው ኳርተርባክ ቱታ ለብሶ ሳይሆን ታጥቆ ይቀመጣል፣ ከጨዋታ ቀን ዝርዝር አይቆጠርም። የሚገባው ሁለቱም ከፊቱ ያሉት በጉዳት ወይም በዳኛ ውሳኔ ከወጡ ብቻ ነው። አሰልጣኙ አልወደድኩትም ብሎ መቀየር አይችልም። ከሁለቱ አንዱን ሐኪም ደኅና ነው ካለ ሦስተኛው ይወጣል። መጀመሪያ ላይ ሰውየው ከ53ቱ አንዱ መሆን ነበረበት፤ በ2024 ከልምምድ ቡድንም ቢሆን ተፈቀደ።

የሚገርመው ሕጉ ለጆንሰን ራሱ ሥራ መፍጠሩ ነው። በ2023 ባልቲሞር ሦስተኛ አድርጎ ያዘው። የእሱ ጉዳት ያጋለጠውን ቀዳዳ ለመድፈን የወጣ ሕግ መልሶ እሱን ቀጠረ።

ገንዘቡንም እንየው። በ2025 የአንድ ክለብ የደመወዝ ጣሪያ 279.2 ሚሊዮን ዶላር ነበር። የዳላሱ ኳርተርባክ ዳክ ፕሬስኮት በዓመት በአማካይ 60 ሚሊዮን ይከፈለዋል። ሰባት ዓመትና ከዚያ በላይ ለተጫወተ አንጋፋ ዝቅተኛው ደመወዝ በዚያ ዓመት 1.255 ሚሊዮን ነበር፤ በሳምንት ወደ 70 ሺህ ዶላር። ክለቦች አንጋፋውን ትተው ርካሽ ወጣት እንዳይወስዱ ደግሞ ሊጉ ዘዴ አበጅቷል፤ እንዲህ ያለው ኮንትራት ከጣሪያው ላይ የሚቆጠረው እንደ ሁለት ዓመት ተጫዋች፣ 1.03 ሚሊዮን ሆኖ ነበር። ሰውየው የሚያገኘውን ገንዘብ ሳይነካ በወረቀት ላይ ያረክሰዋል ማለት ነው። ይህች ትንሽ አንቀጽ ባትኖር የጆንሰን የሥራ ዘመን ድሮ ባለቀ ነበር ብዬ አምናለሁ።

ለእኛ 70 ሺህ ዶላር በሳምንት የማይታመን ነው፤ አልክደውም። ግን 60 ሚሊዮን የወጣበትን ሰው ቦታ ለሚተካ፣ በሁለት ቀን የሌላ ቤት ሕግ ለሚያጠና፣ ጭንቅላቱን ለአደጋ ለሚሰጥ ሰው ሊጉ የሚከፍለው ከጣሪያው ግማሽ በመቶ እንኳ አይሞላም። ክለቦቹ አትራፊ ናቸው።

አሁን ክርክሩ ወደ 18 ጨዋታ ሄዷል። በ2021 ከ16 ወደ 17 ከፍ አድርገው ነበር። ኮሚሽነሩ ሮጀር ጉዴል 18ን እንደሚደግፍ በአደባባይ ተናግሯል። ከተጫዋቾች ማኅበር ጋር ያለው ውል እስከ 2030 የውድድር ዓመት የሚዘልቅ ስለሆነ ያለ ድርድር አይሆንም። በድርድሩ ላይ ስለ ዕረፍት ሳምንትና ስለ ገቢ ክፍፍል ብዙ ይባላል። የልምምድ ቡድን ደመወዝና የመጀመሪያው ሳምንት ዘዴ ግን ብዙም አይነሡም። እንደኔ እነሱም ጠረጴዛው ላይ መቅረብ አለባቸው። አንድ ጨዋታ ሲጨመር የሚሰበረው አጥንት ይጨምራል፤ የሚጠራውም ተጠባባቂ እንዲሁ።

ጆንሰንን በኤፕሪል 2025 ያስፈረመው ዋሽንግተን ነው፤ ያ የ2018ቱ ክለብ፣ አሁን ኮማንደርስ ይባላል። ከፊቱ የነበሩት በ2024 በሁለተኛ ተራ የተመረጠው ጄይደን ዳንኤልስና በ2015 በሁለተኛ ተራ የተመረጠው ማርከስ ማሪዮታ ናቸው። ጆንሰን የ160ኛው ተራ ሰው፣ ሜይ ላይ 39 ሞላው። ኖቬምበር 2 ቀን ከሲያትል ጋር ሲጫወቱ የዳንኤልስ ክርን ወለቀ።